ከዜሮ ጀምር ለሚሉኝ

ባለፈው ጥቅምት፣ አንድ ቅዳሜ ማለዳ፣ ስልኬ ከእጄ አምልጦ ደጃፌ ላይ ካለው ድንጋይ ወደቀ። ሲደወልልኝ ይጮኻል፤ ገጹ ግን ጨልሟል። ነፍሱ ሳትወጣ ዓይኑ ጠፋ ማለት ይቻላል። የራቤል ሰው ጠያቂ ነውና እስከ እኩለ ቀን ድረስ ያገኘኝ ሁሉ «አይዞህ፣ ሌላ ትገዛለህ» አለኝ። እኔ ያዘንሁት ግን ለስልኩ አልነበረም። በውስጡ እርሻ ነበረኝ።

እርሻው ያለው «ስታርዲው ቫሊ» በሚባል ጨዋታ ውስጥ ነው። ውድ አንባቢዎቼ፣ «ሠላሳውን ያለፈ የባንክ ሠራተኛ፣ ያውም ግጥም እጽፋለሁ የሚል ሰው፣ ምን ጨዋታ ያጫውተዋል?» ብላችሁ ፊታችሁን እንዳታዞሩ እለምናችኋለሁ። ነገሩ ከጨዋታ ቢነሣም የሚያደርሰን ሌላ ቦታ ነው።

ጨዋታውን የሠራው ኤሪክ ባሮን የተባለ አሜሪካዊ ነው። ሥዕሉንም፣ ሙዚቃውንም፣ ታሪኩንም ብቻውን ከአራት ዓመት በላይ ለፍቶበት እ.ኤ.አ. በየካቲት 2016 ለሕዝብ አቀረበው፤ እ.ኤ.አ. በ2019 ደግሞ ለአንድሮይድ ስልኮች በቃ። ታሪኩ እንዲህ ይጀምራል። አንድ አያት በሞት አልጋው ላይ ሆኖ ለልጅ ልጁ የታሸገ ደብዳቤ ይሰጠዋል። ዓመታት ያልፋሉ። የልጅ ልጁ በአንድ ትልቅ ኩባንያ ቢሮ ከኮምፒዩተር ፊት ተጎልቶ ኑሮ ሲመረው ደብዳቤውን ይከፍታል። አያቱ የገጠር እርሻውን አውርሶታል። ሥራውን ጥሎ ይሄዳል፤ ያርሳል፣ ይተክላል፣ ከብት ያረባል፣ ከመንደሩ ሰው ጋር ይወዳጃል። ቀኑን ሙሉ ከመስኮት ጀርባ የሰው ገንዘብ ስቆጥር ለምውል ለእኔ ይህ ታሪክ ለምን እንደ ጣመኝ ማስረዳት ያለብኝ አይመስለኝም።

በዚያ አገር አንድ ወቅት 28 ቀን ነው፤ አራቱ ወቅቶች ተደምረው 112 ቀን ሲሆኑ ዓመት ይባላሉ። አንዱ ቀን በእኛ ሰዓት 14 ደቂቃ ገደማ ስለሚፈጅ ዓመቱ 26 ሰዓት ያህል ይሆናል። (ስሌቱን ለባንክ ሠራተኛ ይቅር በሉት።) የቀኑ ሥራ በመዝገብ የሚሰፍረው ገበሬው ሲተኛ ነው። በሦስተኛው ዓመት የመጀመሪያ ቀን የአያቱ መንፈስ ይመጣል፤ በሁለቱ ዓመት የተሠራውን መዝኖ ከአንድ እስከ አራት ሻማ ያበራል።

እርሻዬን የጀመርሁት በ2015 ዓ.ም. ክረምት፣ በክልላችን የሞባይል ኢንተርኔት በተቋረጠበት ሰሞን ነው። ስልኩን ከነጨዋታው የላከችልኝ ውጭ አገር የምትኖር የአክስቴ ልጅ ናት። አባቴ ታሞ አልጋ የያዘውም በዚያው ክረምት ነበር። ሌሊት ሌሊት ከአልጋው አጠገብ ዱካ ላይ ተቀምጬ ሳስታምመው፣ እንቅልፍ እንዳይጥለኝ እርሻዬን አርስ ነበር። ዕድሜውን ሙሉ ገብስ ሲዘራ የኖረ ሰው ነውና አንድ ሌሊት ብርሃኑን አየና፣

«የማን ማሳ ነው?» አለኝ።

«የኔ ነው፣ አባባ።»

«ታዲያ ምን ያስጠጣሃል? አገሩ ሰማይ የለውም እንዴ?»

ከዚያ ወዲህ ሲነጋ «ላሚቱ እንዴት አደረች?» ይለኝ ጀመር። ወለላ ብዬ የሰየምኋት ላም በወለደች ጊዜ ለጥጃዋ ስም ያወጣላት እርሱ ነው። «ለምለም በላት» አለኝ። በጥር 2016 ዓ.ም. አባቴ ዐረፈ። ለምለም በስልኬ ውስጥ ቀረች።

ከዚያ በኋላ እርሻዬን በሳምንት አንዴ፣ አንዳንዴም በወር አንዴ እየጎበኘሁ አቆየሁት። ስልኩ የወደቀ ዕለት የሁለተኛው ዓመት የመጨረሻ ወቅት፣ በረዶ የሚወርድበት ወቅት፣ 26ኛ ቀን ላይ ነበርሁ። አያቱ ሊመጣ ሦስት ቀን ቀርቶት ነበር።

እንግዲህ ምክር የጀመረው ከዚህ ነው። ስልክ ጠጋኙ «አዲስ ግዛ፤ ጨዋታውን እንደሆነ ከዜሮ ትጀምረዋለህ፣ ጨዋታ እኮ ነው» አለኝ። የሥራ ባልደረባዬ «ሁለተኛ ጊዜማ ስሕተትህን ዐውቀህ ስለምትጀምር የተሻለ እርሻ ይኖርሃል» አለኝ። ግጥም የምንነባበበው ወዳጄ ደግሞ እንዲህ ሲል ተፈላሰፈብኝ፦ «ገጣሚ የሚያድገው የጻፈውን ሲያቃጥል ነው። ባዶ ወረቀት ጸጋ ነው። የጠፋውን አትፈልገው፤ ከዜሮ ጀምር።» ሦስቱም ወዳጆቼ ናቸው። ሦስቱም ተሳስተዋል። በየተራ ልመልስላቸው።

«ጨዋታ እኮ ነው» ለሚለው፦ ነገሩን ከእኔ በላይ የሚያውቁት ሠሪዎቹ እንደዚያ አላሉም። «አኒማል ክሮሲንግ» የተባለውን የጃፓን ጨዋታ ያፈለቀው ካትሱያ ኤጉቺ፣ ሐሳቡ የመጣለት ለሥራ ከቺባ ወደ ኪዮቶ በሄደ ጊዜ ከቤተሰቡና ከወዳጆቹ ርቆ ከተሰማው ብቸኝነት እንደሆነ ተናግሯል። በመጋቢት 2020 እ.ኤ.አ. የወጣው የዚህ ጨዋታ እትም ተጫዋቹ ያለማውን ደሴት ከአንድ መሣሪያ ወደ ሌላ የሚያዛውርበት መንገድ አልነበረውም። ኩባንያው በዚያው ዓመት ኅዳር ደሴቱን ከነነዋሪዎቹ የሚያሸጋግር ፕሮግራም አወጣ። ሰው ለነጥብ ብቻ ቢጫወት ኖሮ ማን ይህን ይፈልገው ነበር?

የእኔን እርሻ መዝገብ በኮምፒዩተር ከፍቼ አይቼዋለሁ። ፊደልና ቁጥር ነው፤ ዓይን ያለው ሁሉ ሊያነበው ይችላል። የዛፎቹ ዓይነት፣ የከብቶቹ ስምና ዕድሜ፣ ከጎረቤት ጋር ያለኝ ወዳጅነት መጠን፣ ሁሉም በተራ በተራ ሰፍሯል። ከመካከሉ «ለምለም» የሚል ቃል አለ። ፊደል ብቻ ነው እንዳትሉኝ። «ፍቅር እስከ መቃብር» ከታተመበት ከ1958 ዓ.ም. ጀምሮ ይህ አገር ለበዛብህና ለሰብለ ወንጌል ሲያለቅስ ኖሯል፤ እነርሱስ ከፊደል ሌላ ምን ናቸው? ለበዛብህ ያለቀሰ አንባቢ ለምለምን «ሌላ ጥጃ ግዛና በዚያው ስም ጥራት» ሊለኝ አይገባውም። ሌላ ጥጃ መግዛት ቀላል ነው። ስም ያወጣላትን ሰው ከየት ልግዛ?

«ሁለተኛ ጊዜ የተሻለ ትሠራለህ» ለሚለው፦ እውነት ነው፣ የተሻለ እሠራለሁ። በመጀመሪያው ዓመት ወቅቱ ሊያልቅ ጥቂት ቀን ሲቀረው ብዙ ዘር ዘራሁ፤ ወቅቱ ተለወጠና በአንድ ሌሊት ሁሉም ደረቀ። አባቴ ያንን አይቶ፣ ሳቅ እያሳለው፣ «ባንክ ቤት ያስተማሩህ ይህንን ነው?» አለኝ። በአዲሱ እርሻ ይህን ስሕተት አልሠራውም፤ ሳቁም አይኖርም። ስሕተቱን ደምስሶ ትምህርቱን ብቻ ይዞ መሄድ የሚፈልግ ሰው፣ ትምህርቱ ያለ ስሕተቱ ማስታወሻ እንደማይቆይ የዘነጋ ሰው ነው።

በዚያው በአኒማል ክሮሲንግ የቀድሞ እትሞች ውስጥ ሪሴቲ የሚባል ፍልፈል ነበር። ያልወደደውን ቀን እንዳልነበረ ለማድረግ ሳይመዘግብ ጨዋታውን የሚያጠፋውን ሰው፣ በሚቀጥለው ጊዜ ከመሬት ብቅ ብሎ ረጅም ተግሣጽ ያወርድበታል። በ2020ው እትም ጨዋታው ራሱ እየመዘገበ ስለሚሄድ ፍልፈሉ ከዚያ ሥራው ተነሥቷል። እኔን ቢጠይቁኝ እኛ አገር ይቀጠር እላለሁ፤ ሥራ አያጣም።

ደግሞስ ዜሮ የሚሉት የት ነው? አዲስ ሕይወት የጀመረው የጨዋታው ጀግና እንኳ የአያቱን መሬትና አሮጌ ቤት ወርሶ፣ 500 ወርቅና 15 የዘር ከረጢት ይዞ ነው የተነሣው። የመነሻውን ካፒታል ከመዝገብ ሰርዞ «ከባዶ ተነሣሁ» የሚል ነጋዴ ወደ መስኮቴ ቢመጣ ደንበኛዬ ቢሆንም አላምነውም።

ዝውውር በእኛ መሥሪያ ቤት የዕለት ተዕለት ቃል ነው። ገንዘብ ይዛወራል፤ ሠራተኛም ይዛወራል። የትም ቢዛወር ግን የአዲሱ ገጽ የመጀመሪያ መስመር «ካለፈው የዞረ» የሚል ነው። ይህን መስመር አብዮት እንኳ አልሰረዘውም። ደርግ በታኅሣሥ 1967 ዓ.ም. ባንኮችን ወረሰ፤ በጥቅምት 1969 ዓ.ም. የንጉሡን ምስል ከብሩ ላይ አንሥቶ የራሱን ብር አወጣ። ያን ያህል ያፈረሰ መንግሥት የሰዉን አሮጌ ብር በአዲስ ለወጠ እንጂ «ብርህ ያለፈው ሥርዓት ነው፣ ከዜሮ ጀምር» አላለም። በመስከረም 2013 ዓ.ም. የ10፣ የ50 እና የ100 ብር ኖቶች ተለውጠው ባለ 200 ብሩ ሲጨመር፣ ለቅያሪው ሦስት ወር ተሰጥቶ ነበር። ያን ጊዜ መስኮት ላይ ነበርሁ። ከማሰሮ የወጣ፣ ጭስ ጭስ የሚል፣ በጨርቅ የተቋጠረ ብር ተቀብዬ ቆጥሬአለሁ። አንዲት እናት አዲሱን ብር ከተቀበሉ በኋላ አሮጌውን መቋጠሪያ ጨርቅ አራግፈው፣ አጣጥፈው፣ አዲሱን በዚያው ቋጠሩት። ወረቀቱ ተለወጠ፤ ቋጠሮው ያው ነው።

ስልኬን ይዤ ወደ ደብረ ብርሃን ወረድሁ። መንገዱ መሐል ሜዳን ካለፈ በኋላ በጓሳ በኩል ያልፋል። የጓሳን ሣር ያላየ አንባቢ ካለ፣ ጭላዳና ቀይ ቀበሮ የሚኖሩበት፣ ከባሕር ጠለል በላይ ከ3200 ሜትር የሚበልጥ ሰፊ ደጋ ነው። የአካባቢው ሕዝብ ከ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ጀምሮ ሣሩን በራሱ ሕግ ሲጠብቀው ኖሯል። ከሦስት እስከ አምስት ዓመት ይዘጋል፤ ሣሩ ሲደርስ ይከፈትና የቤት ክዳኑን ሁሉም በሥርዓት ያጭዳል። የ1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ሲመጣ ያ ሥርዓት ከርስቱ ጋር አብሮ ፈረሰ። ጠባቂ ያጣው ሣር ተጋጠ፣ ተጨደ፣ ሳሳ። ኋላ ሕዝቡ ወደ ጥበቃው ሲመለስ እንደ ድሮው ለአቅኚ አባቶች ዘር ብቻ የነበረውን መብት አልመለሰም፤ የመዝጋቱንና የመጠበቁን ሕግ ግን መለሰ። ዛሬ ጓሳ በማኅበረሰቡ የሚጠበቅ ስፍራ ነው። ከአውቶቡሱ መስኮት እያየሁት እንዲህ አልሁ፦ እነሆ፣ ከተሰበረ ዕቃ መዝገቡን አውጥቶ ወደ አዲስ ዕቃ ያዛወረ ሕዝብ።

አሁን ወደ ገጣሚው ወዳጄ። እርሱ የሚጠቅሰው ማስረጃ ስላለው ክርክሩ ከሁለቱ ይከብዳል። «ዘ ሲምስ» የተባለውን ዝነኛ የኑሮ ጨዋታ እ.ኤ.አ. በ2000 ያወጣው ዊል ራይት፣ በጥቅምት 1991 እ.ኤ.አ. በኦክላንድ የእሳት አደጋ ቤቱ ተቃጥሎበት ነበር፤ ኑሮውን ከአንድ ዕቃ ወደ ሌላ ዕቃ እየቆጠረ መልሶ ሲገነባ ነው የጨዋታው ሐሳብ የጠነከረለት። «አየህ፣» ይለኛል ወዳጄ፣ «እሳቱ ባይኖር ጨዋታው አይኖርም ነበር።» አዎን፤ ግን ራይት ክብሪቱን አልጫረም። ከእሳት የተረፈውን ሰው ማድነቅ ሌላ፣ እሳትን እንደ ምክር መስጠት ሌላ።

የእኛን አገር ምሳሌ ላምጣለት። ገጣሚው ነቢይ መኮንን፣ ነፍሱን ይማርና፣ በደርግ ዘመን በእስር ቤት ሳለ የማርጋሬት ሚቸልን ታላቅ ልቦለድ ወደ አማርኛ መለሰው። ወረቀት አልነበረምና የጻፈው በሲጋራ ፓኮ ወረቀት ላይ ነው፤ ሦስት ሺህ ያህል ቁራጭ። ቁራጮቹ በሚፈቱ እስረኞች እጅ በሲጋራ ፓኮ ተደብቀው ወጡ። እርሱ ከስምንት ዓመት እስር ሲፈታ፣ «ጭንቅላቴ ውስጥ አለ፣ ባዶ ወረቀት ላይ ከዜሮ ልጀምር» አላለም። በየሰዉ ቤት እየዞረ ቁራጮቹን ለመሰብሰብ ሁለት ዓመት ፈጀ። መጽሐፉ «ነገም ሌላ ቀን ነው» በሚል ርእስ ታተመ። ወዳጄ ይህን ርእስ እንደ መፈክር ይወደዋል፤ መጽሐፉ በምን መንገድ ወደ እጁ እንደ ደረሰ ግን አያነሣም። ነገ ሌላ ቀን የሚሆነው የትናንትናውን ቁራጭ የሚሰበስብ ሰው ሲኖር ነው።

እስቲ አሁን እውነቱን እንነጋገር። «ከዜሮ ጀምር» የሚለው ምክር ለምን እንዲህ ይጣፍጣል? ስለ ንጹሕ ገጽ ውበት ይመስለን ይሆናል። እኔ በመስኮቴ ከሚያልፈው ሰው የተማርሁት ሌላ ነው። ሂሳብ ሲዛወር ተቀማጩ ብቻ አይዛወርም፤ ብድሩም አብሮ ይዛወራል። ከዜሮ የሚጀምር ሰው ግን ዕዳ የለበትም። የሚያጓጓው ይህ ነው።

በእርሻዬ መንደር ውስጥ በተሽከርካሪ ወንበር የሚሄድ ጆርጅ የሚባል ሽማግሌ አለ። በሁለት ዓመት ውስጥ አንድ ቀን እንኳ ደጁን ረግጬ አልጠየቅሁትም፤ ማዕድን ስቆፍርና ወይን ስጠምቅ ጊዜ አልነበረኝም። አባቴን አስታምም በነበረበት በዚያው ሰዓት ማለት ነው። መዝገቡን በኮምፒዩተር ስከፍተው በስሙ አንጻር ያለው ቁጥር አፈጠጠብኝ። አዲስ እርሻ ብጀምር ያ ቁጥር ይጠፋልኛል፤ ለሁሉም እንግዳ ስለምሆን ማንንም አልበደልሁም። ለምለም ብቻ ሳትሆን ይህም ነው እንድጥለው የተመከርሁት።

አገራችንም ይህን ምክር ከአንዴም ሁለቴ ሰምታለች። አዲስ ምዕራፍ ያልታወጀበት ዘመን አላስታውስም። እያንዳንዱ መጪ የቀደመውን «አሮጌ» ብሎ ሲዘጋው፣ አብሮ የሚዘጋው የቀደመው ያስቀረውን ዕዳ ነው፤ ያልተመለሰ ጥያቄ፣ ያልተጠየቀ ይቅርታ፣ ያልተከፈለ የሰው ደም። ወራሽ ነኝ የሚል ይከፍላል፤ ጀማሪ ነኝ የሚል ግን «እኔ የለሁበትም» ይላል።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልለይ። ቤቱ ተቃጥሎበት፣ ከቀዬው ተፈናቅሎ፣ ምንም ሳይዝ ሕይወትን እንደገና የሚጀምር ብዙ ወገን አለን። እርሱን ዝቅ ብዬ እጅ እነሣዋለሁ። ግን ጠይቁት፤ ከዜሮ ጀመርሁ አይላችሁም። የእናቱን ስም፣ የሰፈሩን ጠበል፣ የሞቱበትን ሰዎች ቁጥር ይዞ ነው የመጣው። ጠቤ ከእርሱ ጋር አይደለም። ጠቤ ምንም ሳይቃጠልባቸው ማቃጠልን ከሚመክሩን ጋር ነው።

የስልኩን ነገር ልጨርስ። ደብረ ብርሃን ላይ መካከለኛ ዋጋ ያለው አዲስ ስልክ ገዛሁ። የአሮጌውንም መስተዋት አስቀየርሁ፤ ለሚጣል ስልክ መስተዋት የሚያስቀይር ሰው አይተው እንደማያውቁ የሱቁ ልጆች ነገሩኝ። አዲሶቹ አንድሮይዶች ጨዋታው ያለበትን ማኅደር በቀላሉ አያስከፍቱም፤ በኮምፒዩተር በኩል ግን ተቻለ። ሁለት ትንንሽ ፋይሎች ናቸው። የሁለት ዓመት እርሻ፣ የአባቴ የመጨረሻ አምስት ወር፣ ለመገልበጥ አንድ ደቂቃ አልፈጀባቸውም። የአክስቴ ልጅ ጨዋታውን በአዲሱ ስልክ ላይ በራሷ አካውንት አስገባችልኝ። ከፈትሁት። 26ኛው ቀን፣ በረዶ፣ ጎተራው ደጅ። ለምለም ነበረች።

ሦስቱን ቀን ኖርኋቸው። አያቱ መጣ፤ ሦስት ሻማ አበራ። አራተኛው ጨለማ ነው። ወዳጄ ይህን ሲሰማ «አየህ፣ ከዜሮ ብትጀምር አራቱንም ታበራ ነበር» አለኝ። ልክ ነው። ጨዋታው ራሱ ሌላ መንገድ አለው፤ አልማዝ ያቀረበ ሰው አያቱ ተመልሶ እንዲመዝነው ማድረግ ይችላል። አልማዙ አለኝ። ከዚያ በፊት ግን የምሄድበት ቤት አለ። በእርሻዬ ጸደይ ገብቷል፤ ባሮ ሽንኩርት በየሜዳው በቅሏል። ሽማግሌው ይወደዋል አሉ። ዛሬ ይዤለት እሄዳለሁ።